ያሳየ ሰው ምን ዕዳ አለበት?



በዚህ ጽሑፍ ልናነሣ የፈለግነው ጥያቄ በየቤታችን የገባ ጥያቄ ነው። ዛሬ ከልጅ እስከ አዋቂ ስልክ ያልያዘ ሰው ጥቂት ነው፤ ስልክ የያዘ ሁሉ ደግሞ ካሜራ ይዟል። በሠርግ ይቀረጻል፣ በግርዘት ይቀረጻል፣ በስግድ ቀን ቀሳውስቱ ኦሪቱን ይዘው በኢየሩሳሌም ኮረብታ ላይ ሲቆሙ ይቀረጻል። አሁን አሁን ደግሞ በለቅሶ ቤት እንኳን ሳይቀር ደረቷን እየመታች የምታለቅስ እናት ስትቀረጽ ይታያል። የሚቀርጸው ልጅ ብዙ ጊዜ ክፋት የለበትም። ወገኑን ስለሚወድ፣ ነገሩ እንዳይረሳ ስለሚፈልግ ነው። ነገር ግን ምስሉ አንድ ጊዜ ከእጁ ከወጣ በኋላ የት እንደሚደርስ፣ ማን እንደሚያየው፣ ማን እንደሚስቅበት አያውቅም። እንግዲህ ጥያቄያችን ይህ ነው፤ የሌላውን ሰው ፊት ለሕዝብ የሚያሳይ ሰው ለዚያ ለታየው ሰው ምን ዕዳ አለበት?

ጥያቄውን ስለ ራሳችን ብቻ እያወራን ብንመረምረው ወይ ወቀሳ ወይ ብሶት ይሆንብናል ብለን ሠጋን። ስለዚህ ከእኛ ራቅ ባለ አገርና ዘመን የኖረች፣ ነገር ግን ኑሮዋ ለአዲስ ገቢ ቤተሰብ እንግዳ ያልሆነ የአንዲት ሴት ታሪክ እናስቀድማለን። ይህች ሴት ማያ ዴረን ትባላለች። ማንም ኩባንያ ሳይቀጥራት፣ በራሷ ገንዘብና በራሷ አካል፣ የሙከራ ፊልም የሚባለውን ዓይነት ሥራ የሠራች ተዋናይና ፊልም ሠሪ ነበረች። በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከኪየቭ እስከ አሜሪካ

ማያ ዴረን በ1917 በኪየቭ ከተማ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደች። ወላጆቿ ያወጡላት ስም ኤሌኖራ ሲሆን የቤተሰቡ ስም ዴረንኮቭስኪ ይባል ነበር። በዚያ ዘመን በዩክሬን በአይሁዶች ላይ ግድያና ዘረፋ ይፈጸም ስለ ነበር፣ የአእምሮ ሐኪም የነበሩት አባቷ ሰሎሞን በ1922 ቤተሰባቸውን ይዘው ወደ አሜሪካ ተሰደዱ፤ በኒው ዮርክ ክፍለ ሀገር ሲራኪዩስ በምትባል ከተማም ተቀመጡ። ልጅቱ ያን ጊዜ አምስት ዓመቷ ነበር። ከደረሱ ብዙም ሳይቆይ የቤተሰቡ ስም አጥሮ ዴረን ሆነ። ማያ የሚለውን ስም ደግሞ ካደገች በኋላ በ1943 ያዘችው፤ ባለቤቷ በቁልምጫ ይጠራት የነበረ ስም ነው።

ስም በአዲስ አገር ሲያጥር ወይም ሲለወጥ ምን እንደሚሰማ ለእናንተ ማስረዳት አያስፈልገንም። ብዙዎቻችን እናታችን ያወጣችልንን ስምና እዚህ ትምህርት ቤት የተጠራንበትን ስም ሁለቱንም ተሸክመን እንኖራለን። የማያ ዴረን የሚለየው ሁለተኛውን ስም ማንም ጸሐፊ በመዝገብ ላይ ያልጻፈባት፣ ወድዳ የያዘችው መሆኑ ነው። ሰው ራሱን እንዴት ብሎ ለሌላው እንደሚያሳይ የመወሰን መብት ከስም ይጀምራል።

ማያ ዴረን ሥነ ጽሑፍ ተምራ በ1939 የማስተርስ ዲግሪ አገኘች። በ1941 ደግሞ የታወቀችው ጥቁር አሜሪካዊት የዳንስ መሪ የካትሪን ደንሃም ጸሐፊና ረዳት ሆና ከቡድኑ ጋር በየከተማው ዞረች። ደንሃም በ1930ዎቹ ሃይቲ ድረስ ሄዳ የሕዝቡን ውዝዋዜ ያጠናች ሴት ናት። ይህ ነገር ወደ ኋላ ስለሚያስፈልገን አንባቢ በልቡ ይያዘው።

ራሷን ያስቀደመች

አባቷ በ1943 ሲሞቱ ካወረሷት ገንዘብ ላይ አንድ ያገለገለ የ16 ሚሊ ሜትር ካሜራ ገዛች። ባለቤቷ አሌክሳንደር ሃሚድ ከቼኮስሎቫኪያ የተሰደደ የካሜራ ባለሙያ ነበር። ሁለቱ ተዋናይ ሳይቀጥሩ፣ ሎስ አንጀለስ በሚኖሩበት ቤት ውስጥ አሥራ አራት ደቂቃ ያህል የሚፈጅ ፊልም ሠሩ። ስሙን በአማርኛ «የከሰዓት በኋላ መረብ» ልንለው እንችላለን። ወጪው 275 ዶላር ያህል እንደ ነበር ይነገራል።

ፊልሙ እንደ ሆሊውድ ፊልም ጅማሬና ፍጻሜ ያለው ታሪክ አይናገርም። አንዲት ሴት መንገድ ላይ አበባ አንሥታ ወደ ቤቷ ትገባለች። ዳቦ ላይ የተሰካ ቢላዋ አለ፤ የስልኩ እጀታ ከቦታው ወርዷል። ወንበር ላይ ቁጭ ብላ እንቅልፍ ይወስዳታል። ከዚያ በኋላ ያው መንገድ፣ ያው ደረጃ፣ ያው ቁልፍ እየተመላለሰ ይመጣል፤ በተመላለሰ ቁጥር ሴቲቱ አንድ ትጨምራለች። መጨረሻ ላይ ሦስት ሆና በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ትቀመጣለች። ከፊቷ ደግሞ ጥቁር የተከናነበ አንድ አካል ይሄዳል፤ ፊት በሚኖርበት ቦታ ላይ ያለው መስተዋት ነው። ፊቱን ልይ ብሎ የቀረበ ሰው የሚያገኘው የራሱን ፊት ነው ማለት ነው።

ሴቲቱ ማያ ዴረን ራሷ ናት። በ1944 በሠራችው ቀጣይ ፊልም፣ ትርጉሙ «በየብስ ላይ» በሆነውም፣ የምትታየው እርሷው ናት። በዚያ ፊልም ውስጥ ባሕር አንዲትን ሴት ወደ ዳርቻ ይተፋታል። ሴቲቱ የደረቀ የዛፍ ግንድ ይዛ ወደ ላይ ስትወጣ እጇ የሚይዘው የአንድ ትልቅ ግብዣ ጠረጴዛን ጫፍ ይሆናል። ከዚህ ወዲያ በረጅሙ ጠረጴዛ ላይ በሆዷ እየተሳበች ትሄዳለች። በግራና በቀኝ የተቀመጡት ሰዎች ያወራሉ፣ ያጨሳሉ፣ ይስቃሉ። በመካከላቸው የምትሳበውን ሴት አንድም ሰው አያያትም።

ይህችን አንዲት ትዕይንት አዲስ ገቢ የሆነ ሰው ሁሉ ያለ አስተርጓሚ ይረዳታል። ቋንቋ ሳንችል በቢሮ ወረፋ የቆምን፣ ልጃችን ስለ እኛ ሲያወራልን ዝም ብለን የተቀመጥን፣ በሰዎች መካከል እያለን እንዳልነበርን የታለፍን ሰዎች ጠረጴዛዋን እናውቃታለን። ማያ ዴረን ስለ ስደተኛ ፊልም ልሥራ ብላ አልተነሣችም፤ ሆኖም ከባሕር የወጣች እንግዳ በሰው ግብዣ ላይ ምን እንደምትመስል በራሷ ሆድና በራሷ ጉልበት አሳየች።

እዚህ ላይ የመጀመሪያውን መልስ እናገኛለን። ማያ ዴረን ተዋናይ የምትቀጥርበት ገንዘብ አልነበራትም፤ ይህ እውነት ነው። ግን ከችግር የመጣው ነገር ሥርዓት ሆነ። ሌላውን በሆዱ ሂድ ከማለቷ በፊት ራሷ በሆዷ ሄደች። ካሜራ ፊት መቆም፣ መታየት፣ መቆረጥና መቀጠል ምን እንደሆነ በራሷ አካል ታውቅ ነበር። ሌላውን የሚያሳይ ሰው የመጀመሪያ ዕዳው ይህ ይመስለናል፤ አንተ ራስህ በዚያ ቦታ ቆመህ ታውቃለህ? አልቆምክም እንደሆነ፣ ብትቆም ምን ይሰማህ ነበር?

በ1945 በሠራችው ጥቂት ደቂቃ ብቻ በሚፈጅ ፊልም ታሊ ቢቲ የተባለ ጥቁር ዳንሰኛ በጫካ ውስጥ እግሩን ያነሣል፤ እግሩ የሚያርፈው ግን በአንድ መኖሪያ ቤት ወለል ላይ ነው። ርምጃው አንድ ነው፤ አገሩ ግን ሁለት ነው። በ1946 ደግሞ በሌላ ፊልም ከጥቁር ዳንሰኛዋ ከሪታ ክሪስቲያኒ ጋር አንዲትን ሴት ለሁለት ተጫወቷት። አንዴ ሪታ ናት፣ አንዴ ማያ ናት፤ መጨረሻ ላይ ሴቲቱ ወደ ባሕር ስትገባም ሁለቱ ይለዋወጣሉ። ያን ጊዜ በአሜሪካ ደቡብ ክፍል ጥቁርና ነጭ በአንድ ትምህርት ቤት መማር በሕግ የተከለከለ ነበር። እነዚህ ሁለት ሴቶች ግን በአንድ ነፍስ ተፈራረቁ።

በፍቅር የሚሠራና በትእዛዝ የሚሠራ

ፊልሞቹን የሚያሳይ ሲኒማ ቤት አልተገኘም። ስለዚህ በየካቲት ወር 1946 በኒው ዮርክ ግሪንዊች ቪሌጅ በሚባለው ሰፈር አንድ ትንሽ ቲያትር ቤት ራሷ ተከራይታ ሦስቱን ፊልሞች አሳየች። አዳራሹ ሞላ። ከተመልካቾቹ አንዱ ከናዚዎች ሸሽቶ ከቪየና የመጣ አሞስ ፎገል የሚባል ወጣት አይሁዳዊ ነበር፤ ያየው ነገር ስለ ነካው በ1947 «ሲኒማ 16» የተባለውን የታወቀ የፊልም ማኅበር መሠረተ። በ1946 ማያ ዴረን የጉገንሃይም ድርጅት ለፊልም ሥራ የሰጠውን የመጀመሪያ ድጎማ አገኘች። በ1947 ደግሞ በፈረንሳይ በካን የፊልም በዓል ለ16 ሚሊ ሜትር የሙከራ ፊልም የተዘጋጀውን ሽልማት ተሸለመች። ፊልሞቿን ይዛ በየዩኒቨርሲቲው እየዞረች ታሳይና ታስተምር፣ ለሚጠይቋት ራሷ ታከራይ ነበር።

በ1959 ባሳተመችው አንድ አጭር ጽሑፍ ውስጥ ያነሣችው ሐሳብ እስከ ዛሬ ይጠቅማል። በአሜሪካ ሙያዬ ብሎ ያልያዘውን፣ ለደስታው የሚሠራውን ሰው አማተር ይሉታል፤ ቃሉ እንደ ስድብ ይነገራል። እርሷ ግን የቃሉ ሥር በላቲን «የሚወድ» ማለት መሆኑን አስታወሰች። በደመወዝ የሚሠራው ብዙ መሣሪያና ብዙ ሠራተኛ አለው፤ ያለቃውን ፈቃድና የተመልካቹን ብዛት ግን መጠበቅ አለበት። በፍቅር የሚሠራው መሣሪያው ትንሽ ነው፤ ነገር ግን ነፃ ነው። ከመሣሪያዎቹ ሁሉ የሚበልጠው ራሱ፣ የሚንቀሳቀስ አካሉና የሚያስብ አእምሮው መሆኑን መከረች።

ይህን ምክር በተለይ ለወጣቶቻችን እናስተላልፋለን። በየዓመቱ ፊልምና ቴሌቪዥን ልንማር ነው የሚሉ ልጆች እየበዙ ነው። ወላጅ «ይህ ደግሞ እንጀራ ይሆናል?» ብሎ ይጨነቃል፤ ጭንቀቱም ተገቢ ነው። ማያ ዴረንም ከሥራዋ ሀብት አላፈራችም፤ በ1961 በ44 ዓመቷ ስትሞት ድሀ ነበረች። ነገር ግን ትንሽ ገንዘብና ትንሽ ካሜራ የያዘ ሰው ሥራው ትንሽ ይሆናል ብሎ መፍረድ ስሕተት መሆኑን ታሪኳ ይመሰክራል። ያ በቤት ውስጥ የተሠራ ፊልም በ1990 የአሜሪካ መንግሥት ለትውልድ ይጠበቁ ብሎ በሚመዘግባቸው ፊልሞች ዝርዝር ውስጥ ገብቷል።

እዚህ ግን ከባዱ ጥያቄ ይመጣል። ነፃነት እስከ የት ነው? የራሴን አካል እንደ ወደድሁ መቁረጥና መቀጠል እችላለሁ። የሌላውንስ?

የሃይቲ ፊልም

ሃይቲ ከአፍሪካ በባርነት የተወሰዱ ሰዎች ልጆች ጌቶቻቸውን ድል አድርገው በ1804 ነፃነታቸውን ያወጁባት አገር ናት። ከአፍሪካ ያመጡት እምነት ከሌላው ጋር ተዋህዶ ቩዱ ይባላል። አሜሪካ ከ1915 እስከ 1934 አገሪቱን በጦር ይዛ ነበር። በዚያ ዘመን ስለ ቩዱ የሚወራው ወሬ ሁሉ የጥንቆላና የሙት መንፈስ ወሬ ነበር፤ ሆሊውድም በ1932 ከሃይቲ ያገኘሁት ነው ብሎ የሚያስፈራ ፊልም ሠርቶ ገንዘብ ሰበሰበበት። ሕዝቡ ስለ ራሱ የተናገረውን የጠየቀ ጥቂት ነበር።

ማያ ዴረን በ1947 በድጎማው ገንዘብ ወደ ሃይቲ ሄደች። ከመሄዷ በፊት ያወጣችው ዕቅድ የሠዓሊ ዕቅድ ነበር። የሃይቲን የሥርዓት ውዝዋዜ፣ የባሊን ደሴት ውዝዋዜና የልጆችን ጨዋታ ቆርጣ እርስ በርሱ በማያያዝ አንድ አዲስ ፊልም ልትሠራ አሰበች። በወረቀት ላይ ውብ ሐሳብ ነው። እዚያ ከደረሰች በኋላ ግን ውዝዋዜው ለብቻው የሚቆረጥ ነገር ሆኖ አላገኘችውም። ውዝዋዜው ከጸሎቱ፣ ጸሎቱ ከከበሮው፣ ከበሮው ከሙታን መታሰቢያ፣ መታሰቢያው ከቤተሰቡ ጋር የተያያዘ ነበር። አንዱን ስትመዝ ሁሉም ይከተላል፤ ነጥላ ብታወጣው ደግሞ ይሞታል።

በሃይቲዎች አነጋገር መንፈስ የሰፈረበት ሰው «ፈረስ» ይባላል፤ መንፈሱ ይጋልበዋል። በጎንደርና በአካባቢው ያደገ አንባቢ ይህን ሲሰማ አይደነቅም፤ ዛር የያዘው ሰው «የዛር ፈረስ» ሲባል ሰምቷልና። ስለ ዛርም ሆነ ስለ ቩዱ የእያንዳንዳችን እምነት የተለያየ ነው፤ እዚህ የምናነሣው ለመፍረድ አይደለም። የምናነሣው ማያ ዴረን ያደረገችውን ለማሳየት ነው። እንግዳ ሆና ሄዳ፣ እየተመላለሰች ከሰዎቹ ጋር ተቀመጠች፤ ሥርዓቱን ተማረች፤ በመጨረሻም መንፈሱ በራሷ ላይ እንደ ሰፈረባት በመጽሐፏ የመጨረሻ ምዕራፍ ጻፈች። በዚያች ሰዓት ቀራጭ ልትሆን አትችልም፤ ከሚታዩት አንዷ ሆናለች።

ብዙ ሰዓት የሚፈጅ ፊልም ቀርጻ ነበር። ከዚያ ሁሉ ግን አንድም ፊልም ጨርሳ አላወጣችም። በዚህ ፋንታ በ1953 «አምላካዊ ፈረሰኞች» የሚል ትርጉም ያለው መጽሐፍ አሳተመች፤ የቀዳችውን ዜማም በዚያው ዓመት በሸክላ አወጣች። በመጽሐፉ መቅድም ላይ ሐሳቧን ገልጻለች። የተነሣችው የነገሩን አካል እንደ ፈቃዷ ልትቀርጸው ነበር፤ የጨረሰችው ግን የነገሩን እውነት አምና፣ እጇን ሰብስባ፣ እንዳየችው በትሕትና በመመዝገብ ነው። በራሷ አካል ላይ ማንም ያልከለከላት ሴት በሌሎች ሥርዓት ፊት ራሷን ከለከለች።

በአማርኛችን «ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ» ይባላል። የሃይቲን አጥር የነቀነቁት ባለቤቱን ንቀው ነበር። ማያ ዴረን ባለቤቱን ስላወቀችው አጥሩን ለቀቀች።

የሚነሣ መቃወሚያ

አንዳንድ አንባቢ እንዲህ ይል ይሆናል፦ «ታዲያ ምን ጠቀመ? ፊልሙ በቆርቆሮ ውስጥ ተቀመጠ። የሆሊውዱ ውሸት በየሲኒማው ሲታይ እውነቱ ሣጥን ውስጥ ቀረ። ዝም ማለትም እኮ መበደል ነው።»

ይህ መቃወሚያ ቀላል አይደለም። ለእኛ ደግሞ በተለይ ይከብደናል። የግእዙን ጸሎት በቃላቸው የያዙት ቀሳውስት፣ የመንደሩን ሁሉ የዘር ሐረግ የሚቆጥሩት ሽማግሌዎች፣ በሱዳን መንገድ ማን የት እንደተቀበረ የሚያስታውሱት እናቶች አንድ በአንድ እየተለዩን ነው። «አትቅረጹ» ብንል ከእነርሱ ጋር የሚቀበረው ብዙ ነው። በ«በየብስ ላይ» ፊልም እንዳየነው፣ አለመታየትም ጉዳት ነው። በጠረጴዛው ላይ የምትሳበውን ሴት ማንም ስላላያት ክብሯ አልተጠበቀም።

መልሳችን ይህ ነው፤ ማስቀመጥና ማውጣት ሁለት የተለያዩ ሥራዎች ናቸው። ማያ ዴረን ፊልሙን አላቃጠለችም፤ አስቀመጠችው። በቃል ሊብራራ የሚችለውን በመጽሐፍ አብራራች፤ ሳይቆረጥ ሊሰማ የሚችለውን ዜማ አወጣች። ያቆየችው ካልተቆረጠ በስተቀር ሊወጣ የማይችለውን ብቻ ነው። ከሞተች ከብዙ ዓመታት በኋላ የመጨረሻ ባለቤቷ ቴይጂ ኢቶና ሚስቱ ቼረል ኢቶ የሃይቲውን ፊልም አቀናብረው ከመጽሐፏ የተወሰደ ንባብ ጨምረው አወጡት። ፊልሙ በመኖሩ ብዙ ሰው ተምሯል፤ የሚያስመሰግን ነው። ሆኖም እርሷ በሕይወት ሳለች ያልቆረጠችውን ሌሎች እንደቆረጡት፣ በፊልሙ ውስጥ የሚታዩት የሃይቲ ገበሬዎችም ይውጣ አይውጣ የሚል ቃል እንዳልሰጡበት ተመልካች ቢያስታውስ መልካም ነው። ሁለቱም ሐሳቦች በአንድ ላይ እውነት ናቸው፤ አንዱ ሌላውን አይሽረውም።

ወደ ራሳችን ስንመለስ

ስለ እኛ ሌሎች ብዙ ሲናገሩ ኖረዋል። በኢትዮጵያ ሳለን ቀጥቃጩንና ሸክላ ሠሪዋን ጎረቤት «ቡዳ» ይላቸው ነበር። ማረሻውን የሚሠሩለትን እጆች እየፈለገ፣ ስለ እጆቹ ባለቤት የፈጠራ ወሬ ያወራ ነበር። ወሬ ምን ሊያደርግ እንደሚችል ከዚያ ተምረናል። ከታኅሣሥ 1984 በፊት ጀምሮ ከሱዳን በምሥጢር ይካሄድ የነበረው የሙሴ ዘመቻም ነገሩ በጋዜጣ ከወጣ በኋላ በጥር 1985 ተቋረጠ፤ ወላጆች ከልጆቻቸው ተለያይተው ቀሩ። በግንቦት 1991 ደግሞ በሰሎሞን ዘመቻ በ36 ሰዓት ከ14,000 በላይ ወገኖቻችን ሲመጡ ዓለም ሁሉ በቴሌቪዥን አየን። ግንባራቸው ላይ ቁጥር የተለጠፈባቸው እናቶችና ሕፃናት ፎቶግራፍ በየጋዜጣው ወጣ። ቁጥሩ ቤተሰብ እንዳይነጣጠል የተደረገ ነበር፤ ቀኑም የደስታ ቀን ነበር። ግን ከፎቶግራፉ በታች ስም የተጻፈለት ስንቱ ነው? ፊታችን ታወቀ፤ እኛ ግን አልታወቅንም። አለመታየትና ያለ ስም መታየት በአንድ ቀን ሊደርሱ እንደሚችሉ ያየነው ያን ጊዜ ነው።

ዛሬ ካሜራው በእኛ ልጆች እጅ ገብቷል። ይህ ትልቅ ነገር ነው። ሆኖም ካሜራው ከእንግዳ እጅ ወደ ዘመድ እጅ ስለ ተዛወረ ብቻ ዕዳው አይሰረዝም። የገዛ ልጇ የቀረጻትም እናት ሳትጠየቅ ከወጣች ሳትጠየቅ ወጥታለች። እንዲያውም እንግዳ ቢመጣ ነጠላዋን ታስተካክል፣ ፊቷን ትመልስ ነበር፤ ልጇን ግን አትጠረጥርም። «በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት» የሚባለው ለሌላው ሕመም ለማያዝን ነው፤ የእናት ለቅሶ ግን የሰው ቁስል አይደለም፣ የራስ ቁስል ነው።

ስለዚህ ከቤተሰብ ጋር እንድትወያዩበት ጥቂት ነገር እናቀርባለን። አያታችሁን ቅረጹ፤ ዛሬ ነገ አትበሉ። ስማቸውን፣ የአባታቸውን ስም፣ የመንደራቸውን ስም በድምፃቸው አስገቡ። በሕይወት ያለ ሰው ራሱ «ይውጣ» እስኪል ድረስ ግን በቤት ይቀመጥ። ሲፈቅዱም የት እንደሚወጣና ማን እንደሚያየው በሚገባቸው ቋንቋ ንገሯቸው፤ ስልክ ላይ የወጣ ነገር እንደማይመለስም ጭምር ንገሯቸው። ስትቆርጡ፣ ከመቁረጣችሁ በፊት ያሉትን ከቆረጣችሁ በኋላም እያሉ መሆናቸውን አረጋግጡ፤ አሥር ደቂቃ የተናገሩትን አሥር ሰከንድ ስታደርጉት ሌላ ሰው እንዳታደርጓቸው። ለቅሶ ላይ ደግሞ ከመቅረጽ በፊት አልቅሱ። በፊልም ሙያ ልትሠማሩ የምትፈልጉም ብትሆኑ፣ የመጀመሪያ ሥራችሁ ስለ ሌላው ችግር ሳይሆን በራሳችሁ ፊት ቢጀምር ምንኛ መልካም ነበር፤ እናንተ ስትታዩ የሚሰማችሁን ካወቃችሁ በኋላ ሌላውን ለማሳየት እጃችሁ ይጠነቀቃል።

ለወላጆችም አንድ ቃል አለን። ልጁ ካሜራ ሲያነሣ «ተው» ብቻ አትበሉት። ለምን እንደምትሉ ንገሩት፤ ያልተነገረውን ነገር ከሌላ ቦታ ሊማረው አይችልም። ሁሉም ነገር መመዝገብ እንደሌለበት ማሳየት ለእኛ አስቸጋሪ አይደለም። ሰንበትን በሚያከብር ቤት ዓርብ ፀሐይ ከጠለቀች ጀምሮ ካሜራ አይነካም። ዳቦው ይቆረሳል፣ ልጆች ይመረቃሉ፣ ሽማግሌው ጨዋታ ያመጣሉ፤ አንዱም አይቀረጽም። ግን ከዚያ ገበታ የተነሣ ልጅ የሰማውን ይዞ ይሄዳል። ያን ምሽት ልጆቻችሁን ጠይቋቸው፦ ከዚህ ሁሉ ለሌላ ሰው ማሳየት የምትፈልጉት ምንድን ነው? ለእኛ ብቻ እንዲቀር የምትፈልጉትስ? መልሳቸውን ብትጽፉልን በሚቀጥለው እትም እናወጣዋለን፤ በእርግጥ ከፈቀዱ ነው።